ስምንተኛ ቤት

ሬሆቮት፣ ከድሮው የብርቱካን ማሸጊያ ጀርባ፣
አንድ የመስታወት ቤት አለ። በየጠዋቱ ስገባ
መነጽሬ በእንፋሎት ይታወራል፤
በሸሚዜ ጫፍ እስክጠርገው ዛፉ ቆሞ ይጠብቀኛል።

አንገቱ ላይ ቆርቆሮ፣ ቆርቆሮው ላይ የላቲን ስም፤
ሁለት ቃል ብቻ ነው፤ ሰባት ዓመት አንብቤው አፌ አልለመደውም።
ቅጠሉን ግን በጣቴ ሳሸው
ቀረፋ፣ ከቀረፋው ኋላ የሎሚ ልጣጭ፤
ከማን ወገን እንደሆነ ሽታው ነው የነገረኝ።

እኛ ዘንድ ልጅ ሳይዳር ሽማግሌ ይቀመጣል፣
ደም ከደም እንዳይገናኝ እስከ ሰባት ቤት ይቆጥራል።
እኔም ባልዲዬን ገልብጬ ተቀመጥኩና ቆጠርኩለት፦
ቀረፋ የእናቱ እህት፤
ከመንገዱ ማዶ በሣጥን የሚጫነው አቮካዶ ያጎቱ ልጅ፤
ጎረቤቴ ማዛል ሾርባዋ ውስጥ የምትጥለው
ያ የቀርሜሎስ ተራራ ደረቅ ቅጠል፣ እሱም ካያት ይገናኛል።
አምስተኛው ቤት ላይ ጠፋብኝ። የቀሩት ባሕር ማዶ ናቸው፣
ዝናብ በማያባራበት ጫካ፤ ማን ጠርቶ ይጠይቃቸው?
ከሰባት ወዲያ ባዕድ ነው ይላሉ ሽማግሌዎች።
ስምንተኛው ቤት ይሄው፣
ግድግዳውም ጣሪያውም መስታወት።

እዚህ ዝናብ በሰዓት ነው፤ ከስድስት እስከ ስድስት ከሩብ።
ደመና የለው፣ ነጎድጓድ የለው፤ ቱቦው ብቻ
ንግግር እንደሚጀምር ሽማግሌ ይስልና ያካፋል።

ዛፉ ግን ሰዓት አያውቅም። ያድጋል።
ጣሪያው ዘጠኝ ሜትር ነው።
በያመቱ የዳስ በዓል ሲያልፍ መሰላል ተሸክሜ፣
መጋዝ ይዤ እወጣለሁ፤ ክንድ የሚያህል ካናቱ ቆርጬ እወርዳለሁ።
አራት ጊዜ ቆረጥኩት፣ ቁስሉን ቀለም ቀባሁት።
አራት ጊዜ፣ በቆረጥኩት በአንዱ ፈንታ ሁለት አውጥቶ ጠበቀኝ።
«መስታወቱን ይሰብረዋል» ትላለች ዶክተር ኦስናት።
እውነቷን ነው። መስታወት ውድ ነው።

ዘንድሮ መሰላሉ ላይ እንዳለሁ ዝናብ መጣ።
የውጭው። የዓመቱ የመጀመሪያ።
ከባሕሩ በኩል አቧራና ጨው ይዞ ጣሪያውን እንደ ቆሎ ቆላው፤
ከዛፉ ጫፍ በላይ አንድ ጥፍር፣
ይሰማል፣ ይታያል፣ አይነካም።
ቅጠሉ ሁሉ ጸጥ ብሏል። የምንቀጠቀጠው እኔ ነኝ።

አንድ ቀን ሎድ፣ አውሮፕላን ማረፊያ፣
እናቴ ከመስታወት ወዲያ መዳፏን ለጥፋ፣
ወረቀቷ እስኪታይ ሁለት ሰዓት፣
አፏ ሲንቀሳቀስ አየሁ።
ምን ስትል እንደነበር አልጠየቅኋትም።
አሁን የምትጠየቅ አይደለችም።

መጋዙን ወገቤ ላይ አንጠለጠልኩና
የጣሪያውን መስኮት እጀታ አዞርኩት። ዝገቱ ጮኸ።
አንዲት ጫፍ፣ ሦስት ቅጠል፣ ወጣች።
ረጠበች።

ጥር ላይ ብርዱ አጠቆራት። ልዋሽ አልችልም፤
ሦስቱም ቅጠል ረገፈ፤ ጠርጌ በኪሴ ከተትኩት።
ሚያዝያ ላይ፣ ያ የበረሃው ነፋስ ሁለት ቀን ነፍሶ ሲበርድ፣
ከጠቆረው ሥር ቀይ ቡቃያ አየሁ፤ እንደ ሕፃን ድድ።
አንዱ ወደ ውስጥ ታጥፏል፣
አንዱ ቀዳዳዋን ያያል።

ዶክተር ኦስናት መጣች፣ ቀና አለች፣ ብዙ ቆየች።
«ባየህ፣ ይሄን መስኮት ማን ከፈተው?» አለች።
«ነፋስ ይሆናል» አልኳት።
ስሜ ነው እንጂ ባየህ፣ እኔ ምኑንም አላየሁ።
ደብተሯን ገለጠች፤ «ነፋስ» ብላ ጻፈች፤
የሚቆረጥበትን ቀን ሳትጽፍ እስክሪብቶዋን ዘጋች።

ስድስት ሰዓት ሆነ።
ቱቦው ሳለ።